ሰርጓጅ መርከብ ይዘን ወደ ኦሞ ውሃ

ሰርጓጅ መርከብ ጭኗ ላይ አስቀምጣ ከሶዶ መናኸሪያ የተሳፈረች ሴት ከእኔ ሌላ ያለች አይመስለኝም። ከተመለስን ወዲህ በሥራ ቦታም፣ ባጃጅ ውስጥም፣ ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ ላይ ሳይቀር "አስቴር፣ እውነት ነው እንዴ?" የሚለኝ በዝቷል። እውነት ነው። ለእያንዳንዱ ሰው ከመጀመሪያው እየጀመርኩ ከምናገር አንዴ ጽፌው ልገላገል።

ባለቤቴ ፍሬው የፊዚክስ መምህር ነው። እኔ ኦቶና አካባቢ ባለ አንድ ክሊኒክ ራጅ አነሣለሁ። ሁለታችንም ሶዶ ተወልደን ሶዶ ያረጀን ሰዎች ነን፤ ዳሞታን ከደጃችን ካላየን ቀኑ የነጋ አይመስለንም። የኦሞ ግድብ ውሃ ከቤታችን የግማሽ ቀን መንገድ ቢሆንም ከቴሌቪዥን ውጪ አይተነው አናውቅም ነበር።

ሰርጓጇን ፍሬው ለተማሪዎቹ ማሳያ ትሆናለች ብሎ ጀምሯት ነበር። በኋላ ግን ተማሪዎቹን ረሳቸውና ለራሱ ሠራት። ገላዋ ወፍራም የውሃ ቱቦ ነው፤ ቁመቷ ክንድ ተኩል ቢሆን ነው። ከፊቷ የመስታወት ዓይን፣ ከዓይኑ ጀርባ ካሜራና መብራት፣ ከኋላና ከጎኗ ትንንሽ ሞተሮች አሏት፤ ረዥም ሽቦ ከስክሪኗና ከመሪዋ ጋር ያገናኛታል። ሆዷ ውስጥ ትልቅ ሲሪንጅ ተቀምጧል። ሲሪንጁ ውሃ ሲስብ ትከብድና ትሰምጣለች፤ ሲተፋ ትቀልና ትነሳለች። እውነተኛዎቹ ሰርጓጆችም የሚወርዱትና የሚወጡት በዚሁ ዘዴ ነው አለኝ፤ በሲሪንጅ ፋንታ ቤት የሚያክሉ ጋኖች ስላሏቸው ብቻ ነው የሚለዩት። ቢጫ ቀባትና "አምባዛ" ብሎ በጢማሙ ዓሣ ስም ጠራት። ከዚያ የዝናብ ውሃ የማጠራቅምበት ሮቶ ውስጥ ለቀቃት። ልብስ ላጥብ ስሄድ ከሥር መብራቷን አብርታ ታየኛለች።

አንድ ረቡዕ ከሰዓት በኋላ ታምራት ደወለ። ታምራት የፍሬው የድሮ ተማሪ ነው፤ ከበሌ ወዲያ፣ ውሃው ዳር ከአባቱ ጋር ዓሣ ያሰግራል።

"ቲቸር፣ ያ ሰርጓጅ ሠራልዎት?"

"ሠራ እንጂ! ምነው?"

"እሑድ ላገባ ነበር" አለ ልጁ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ሙሽራዋ ምሕረት ከውሃው ማዶ፣ ከዳውሮ በኩል ናት። ከመንደሯ የመኪና መንገድ ስለሌለ የምትሻገረው በጀልባ ነው። በሳምንቱ መጀመሪያ አባቷ አቶ ዱባለ ለሠርጉ ምክክር መጥተው በታምራት ጀልባ ሲመለሱ፣ መረብ ለማየት ሞተር አጥፍተው ቆም ባሉበት ብሎኑ ላልቶ ኖሮ ሞተሩ ሸርተት ብሎ ውሃ ገባ። አቶ ዱባለ በቀዘፋ፣ በከሰዓት ነፋስ እየተናጡ አገራቸው ገቡ። እንደ ደረሱም "ልጄን ሞተር በሌለው ጀልባ አላሳፍርም፤ ሠርጉ ክረምቱ ወጥቶ ከጊፋታ በዓል በኋላ ይሁን" ብለው ላኩ። ሌላ ሞተር አርባ ምንጭ ድረስ ተጠይቆ ለእሑድ የሚደርስ አልተገኘም። በመንጠቆም ሞክረው አቅቷቸዋል።

ፍሬው ስልኩን ዘግቶ አየኝ። አርባ ስምንት ዓመት የሞላው ሰው ዓይኑ እንደ ጥምቀት ሎሚ ያበራል።

"አስቱዬ፣ ፈቃድ ትጠይቂ ይሆን?"

"እኔ ምን ልሠራ?"

"ካሜራው ውሃ ውስጥ የሚያሳየው ግራጫ በግራጫ ነው። ግራጫ የሚያነብ ሰው ያስፈልገኛል።"

ለሃያ ዓመት የሰው አጥንት ሳነብ እንዲህ ያለ ግብዣ ቀርቦልኝ አያውቅም።

ሐሙስ

ሶዶ በለመድነው ካፊያ ሸኘችን። የበሌው ቅጥቅጥ ረዳት በአንሶላ የተጠቀለለውን ነገር አይቶ ጣሪያ ላይ ሊያወጣው እጁን ዘረጋ።

"ተው! ይሰበራል" አለ ፍሬው።

"ምንድን ነው?"

"ሰርጓጅ መርከብ።"

ረዳቱ ለአፍታ አሰበና ወደ ሾፌሩ ዞሮ ጮኸ፦ "መርከብ አለ! ቦታ አስፉ!" መኪናው በሙሉ ሳቀ። አምባዛ ጭኔ ላይ ተቀመጠች፤ ቢጫ አፍንጫዋ በመስኮት በኩል ዳሞታን ታያለች።

ከጎኔ ሁለት ዶሮ ያቀፉ ትልቅ ሴት ተቀምጠው ነበር። ትንሽ እንደሄድን ወደ ፍሬው ዘንበል አሉ።

"የኔ ልጅ፣ በትልቁ መርከብ ሰው ውሃ ሥር ገብቶ ይከርማል ይባላል። ምን ይተነፍሳል?"

ለባሌ እንዲህ ያለ ጥያቄ ማንሣት ለተራበ ሰው ቁርጥ ማቅረብ ነው። መርከቧ ከባሕሩ ውሃ በኤሌክትሪክ ኃይል ኦክስጅን ነጥላ እንደምታወጣ፣ ሰዎቹ የሚያወጡትን ትንፋሽ ደግሞ አጥባ እንደምትጥል፣ በዚህ ዓይነት ለወራት ሳይወጡ መክረም እንደሚችሉ አስረዳቸው።

"ታዲያ ምን ያወጣቸዋል?"

"ምግብ ሲያልቅ ይወጣሉ። አየር አያልቅባቸውም።"

"እንዲህማ ከሆነ" አሉ ሴትዮዋ "የኔ ባል ለአንድ ቀንም አይሆንም።"

ከዚያ የሃይላንድ ፕላስቲክ ጠርሙስ ተገኘ። ፍሬው የእስክሪብቶ ክዳን ቀዳዳውን በማስቲካ ደፈነና ጫፉ ላይ ጥቂት ማስቲካ ለክብደት ጨምሮ በውሃ የተሞላው ጠርሙስ ውስጥ አስገባው፤ ክዳኑ አናቱ ላይ ተንሳፈፈ። ጠርሙሱን ጥብቅ አድርጎ ሲዘጋና በእጁ ጨመቅ ሲያደርገው ክዳኑ ቁልቁል ወረደ። ሲለቀው ተመልሶ ወጣ። "ስጨምቀው ውስጡ ያለው አየር ያንሳል፣ ውሃ ይገባል፣ ይከብዳል። ሰርጓጅ ማለት ይሄው ነው።" ጠርሙሱ ከእጅ ወደ እጅ ዞረ። "ውረድ!" "ውጣ!" የሚል ጩኸት ከኋላ ወንበር እስከ ሾፌሩ ደረሰ። ሾፌሩ መኪናውን ጥግ አስይዞ "እኔስ ሰው አይደለሁም? አምጡት" ብሎ እሱም ጨመቀ።

ኬላ ላይ አንድ ፖሊስ ገብቶ እቃ ሲያይ አምባዛ ዘንድ ደረሰ።

"ይሄስ?"

መኪናው በአንድ አፍ "ሰርጓጅ መርከብ!" አለ።

ፖሊሱ የመስታወት ዓይኗን ጎንበስ ብሎ አየ። "ባሕር የለን፣ ምን ታደርጋላችሁ?"

"ሞተር ጠፍቶ ሠርግ ቀርቷል" አሉ ባለዶሮዋ፤ ታሪኩን ከእኔ ሰምተው አሁን የራሳቸው አድርገውታል። ፖሊሱ ከሥራው ሁሉ ያ ቀን ደስ ያሰኘው ይመስላል። "ሂዱ፣ ሂዱ! ሙሽራ አታስጠብቁ!" ብሎ በሩን ራሱ መታልን።

በሌ ከሶዶ ታንሳለች፤ ሰዉ ግን ከሶዶ ይልቅ ጊዜ አለው። ያደርንበት አልጋ ቤት ባለቤት ወይዘሮ ዘነበች ይባላሉ። ፍሬው ሳይመሽ አምባዛን ልሞክራት ብሎ የልብስ ማጠቢያ በርሜላቸውን ለመናቸው።

"ገላዋን ልትታጠብ ነው?" አሉና ጢም አድርገው ሞሉለት።

መብራቷ በራ፣ ሞተሮቿ ተሽከረከሩ፤ ግን ስክሪኑ ላይ የሚታየው የሶዶ ጠዋት ጉም ነው። ውስጧ ያለው ሙቅ አየር ቀዝቃዛ መስታወት ሲያገኝ ላብ ሆኗል። ፍሬው ፊቱ ጠቆረ። ሩዝ እንጨምርባት፣ ጨው እንጨምርባት ስንባባል፣ ጫማ ካርቶን ውስጥ የሚገኘው "አትብሉኝ" የሚል ትንሽ ከረጢት ትዝ አለኝ፤ እርጥበት የሚጠጣው። ለወይዘሮ ዘነበች ነገርኳቸው። ነጠላቸውን ጣል አድርገው እጄን ይዘው ገበያ ዳር ካለ ጫማ ቤት ወሰዱኝ። ባለ ሱቁ ሊዘጋ ቁልፍ ይዞ ቆሟል። ነገሩን ሲሰማ ቁልፉን አስቀመጠና ካርቶኑን ሁሉ ከመደርደሪያ እያወረደ ይከፍት ጀመር። በኋላ ያለው ጫማ ሁሉ መሬት ላይ ተደርድሮ አየሁት፤ ግራው ከቀኙ ተደባልቋል። "ሂጂ፣ እኔ አጋጥመዋለሁ" አለኝ እየሳቀ።

ከረጢቶቹን አምባዛ አንገት ውስጥ ጠቀጠቅናቸው። ጉሙ ጠፋ። ወይዘሮ ዘነበች ይህን ካዩ በኋላ በቅቤ የራሰውን የአገራችንን ምግብ ሙቹዋ ከዳጣ ጋር አቀረቡልን። ሙቹዋ ቤቴም ይሠራል፤ የበሌው ዳጣ ግን የእኔን አስንቆኛል፤ እንባዬን እየጠረግሁ ነው የበላሁት።

ዓርብ

ታምራት ከአንድ ጓደኛው ጋር በሁለት ሞተር ብስክሌት መጣ። ቀጭን፣ ረዥም፣ ሲናገር መሬት የሚያይ ልጅ ነው። አምባዛን ሞተር ላይ እንዴት እንጫናት ስንል ብዙ አሰብን፤ በመጨረሻ በነጠላ ታዝላ ሄደች። አዛይዋ እኔ ነኝ። ቁልቁለቱን ስንወርድ እንሰቱ እያነሰ፣ ካሳቫውና ማሽላው እየበዛ፣ ሙቀቱም እየጨመረ ሄደ። በየመንገዱ የሚያገኙን ሴቶች ቆም ብለው ሰላም ይላሉ። አንዷ ቀርባ ከጀርባዬ ገልጣ ልታይ ስትል ቢጫው አፍንጫ ብቅ አለባት። ጩኸቷ ሶዶ ሳይሰማ አልቀረም።

ውሃውን ከላይ አየሁት። ገደል ለገደል ተዘርግቶ፣ አረንጓዴ፣ ማዶው የዳውሮ ተራራ። ሶዶ ላይ ቧንቧ ሲመጣ ሰፈሩ ሁሉ ጀሪካን ይዞ ይሮጣል፤ እዚህ ይሄ ሁሉ ውሃ ያለ ወረፋ ተኝቷል።

የታምራት አባት አቶ አንጁሎ ዳር ላይ ቆመው ጠበቁን። ደረተ ሰፊ፣ ጨዋታ የማያልቅባቸው ሰው ናቸው። አምባዛን ከጀርባዬ ፈትተው እንደ ክርስትና ልጅ አቀፏት።

"ሳሮ፣ ሳሮ! ሰላም ናችሁ? እሱ ነው የልጄን ሚስት የሚያመጣው?"

"እሷ ናት" አለ ፍሬው።

"እሷም ትሁን፣ ብቻ ታምጣ!"

ወደ ጀልባ ስገባ አንድ እግሬ ጀልባዋ ላይ፣ አንድ እግሬ ድንጋይ ላይ ሳለ ጀልባዋ ፈቀቅ አለች። ሰርጓጅ ይዘን መጥተን መጀመሪያ የሰመጥኩት እኔ ነኝ። ውሃው ከወገቤ አላለፈም፤ "አዞ!" ብዬ የጮህኩት ጩኸት ግን ዓሣ አጥማጁን ሁሉ አንከተከተ።

"አዞ አለ" አሉ አቶ አንጁሎ እየጎተቱኝ፤ "ግን እንግዳ አይነካም።"

ባለቤታቸው ወይዘሮ አማረች ቤት ወስደው ለሠርጉ ያሰፉትን የራሳቸውን ቀሚስ አለበሱኝ። እሳቸው ወፍራም ናቸው፤ እኔ ከሲታ። መቀነት ሁለቴ ዞሮኝ ተመለስኩ። "ሙሽራ መጣች!" አሉ።

ሞተሩ የወደቀበት ቦታ ላይ አቶ አንጁሎ በድንጋይ የታሰረ ጀሪካን ጥለው ምልክት አድርገዋል። ጥልቀቱ በገመዳቸው ሲለካ ሃያ ሜትር ይሆናል። እዚያ እስክንደርስ ፍሬው ሬዲዮም ስልክም ውሃ ውስጥ እንደማይሠራ፣ ለዚያ አምባዛ በሽቦ እንደታሰረች፣ ትልልቆቹ ግን ሽቦ እንደሌላቸው ያወራል። "የሄዱትን ርቀትና የዞሩትን አቅጣጫ እያሰሉ ይሄዳሉ፤ መብራት ሲጠፋ ቤትሽ ውስጥ እንደምትሄጂው። ካልሆነም በድምፅ ያያሉ። ታምራት፣ ወደ ገደሉ ጩህ እስቲ።"

"ምን ብዬ?"

"የፈለግኸውን።"

ልጁ መሬት ማየቱን ተወና በሁለት እጁ አፉን ከቦ "ምሕረት!" አለ። ገደሉ "...ሕረት" ብሎ መለሰ።

"ድምፁ ሄዶ ነጥሮ እስኪመጣ የሚፈጀውን ጊዜ ቆጥረህ ገደሉ ምን ያህል እንደሚርቅ ታውቃለህ" አለ ፍሬው። ታምራት ግን ርቀቱን እያሰላ አልነበረም። እንደገና ጮኸ። ደግሞ ጮኸ። ሁላችንም አብረን ጮህን። ገደሉ ደከመው።

አምባዛ ወረደች። ስክሪኑ መጀመሪያ አረንጓዴ፣ ቀጥሎ ጥቁር አረንጓዴ፣ ቀጥሎ ከመብራቷ ፊት የሚበን ትቢያ ብቻ ሆነ። ሲሪንጇ ጥቂት ነው የሳበው፤ እሷ ግን ወደ ታች መፍጠን ጀመረች። ፍሬው ውሃውን ሁሉ አስተፋት። አሁንም ትወርዳለች። ደለል ውስጥ ዘፍ አለች፤ ስክሪኑ ጠፋ። "ውጪ" ብትባል አልወጣችም። በገመድ ጎትተን አወጣናት፤ ጭቃ ለብሳለች።

ፍሬው ጀልባዋ ወለል ላይ ተቀመጠ። እንድትንሳፈፍ ጀርባዋ ላይ የታሰረላት ስፖንጅ ከነጠላ ጫማ ሶል የተቆረጠ ነው። ጥልቁ ውስጥ ውሃው ከየአቅጣጫው ሲጫነው እንደ እጅ ጭምቅ አድርጎታል፤ ስፖንጁ ሲያንስ ማንሳፈፍ አቃተው፤ አምባዛ በወረደች ቁጥር ከበደች። "ትልቋም እንደዚሁ ናት" አለኝ። "በብረት የተሠራችው እንኳ ጥልቁ ውስጥ ትጨመቃለች፤ ስትወርድ ውሃ እያወጣች ክብደቷን ካላስተካከለች ቁልቁል ትቀጥላለች። አውቀው ነበር። ሮቶ ውስጥ ግን ጥልቅ የለም።"

ታምራት መቅዘፊያውን አንስቶ ወደ ዳር መለሰን። 

ቤት ስንገባ ዓሣ ተጠብሶ፣ ጎደሬ ተቀቅሎ ጠበቀን። ፍሬው አልበላም። "የማይጨመቅ አየር ነው የምፈልገው" ይላል ደጋግሞ። እኔ ግድግዳው ሥር ለሠርግ የታጠበ ጠርሙስ በዓይነት በዓይነቱ ተደርድሮ አየሁ።

"ጠርሙስስ ይጨመቃል?" አልኩት።

አንገቱን ቀና አደረገ። ጠርሙሱን አየ። እኔን አየ። ተነስቶ በዚያ ሁሉ እንግዳ ፊት ግንባሬን ሳመኝ፤ ሶዶ ውስጥ ቢያደርገው ኖሮ ለአንድ ወር እንታማ ነበር።

"ባዶ ጠርሙስ ይሰጡኛል?" አላቸው ወይዘሮ አማረችን።

"ሙሉም አለ!" አሉ።

ቅዳሜ

ክዳናቸው በጥምዝ የሚዘጋ የአረቄ ጠርሙሶች መረጥን፤ አፋቸውን በሻማ አተምን። አምባዛ ከግራም ከቀኝም ጠርሙስ ታጥቃ ወጣች። አቶ አንጁሎ አይተዋት "ይቺማ ሠርግ ቤት ቀድማ የገባች ናት" አሉ። ዳር ላይ ጠጠር እየጨመርንም እየቀነስንም አመዛዘንናት፤ በመጨረሻ ውሃው ውስጥ የትም ብትተዋት እዚያው የምትቆም ሆነች፤ አትሰምጥም፣ አትነሳም። ባሌ በሕይወቱ እንደዚያ ሲደሰት ያየሁት ልጃችን የተወለደች ዕለት ነው።

በዚህ ጊዜ እንደ ሰው ወረደች። ቀስ፣ ረጋ ብላ። ከደለሉ ከፍ ብላ ቆመችና ሞተሯን በዝግታ አንቀሳቀሰች። ፍሬው መሪውን ይዟል፤ ታምራት ሽቦውን ይለቃል፤ እኔ ራሴ ላይ ጋቢ ጣል አድርጌ ስክሪኑን አያለሁ። ፀሐይ ስክሪኑን እንዳታደበዝዝብኝ ነው እንጂ በዚያ ሙቀት ጋቢ የሚያስለብስ ምንም ነገር አልነበረም።

ድንጋይ። ግንድ። ድንጋይ። ጢም ያለው ትልቅ ፊት! ከመቀመጫዬ ዘለልኩ። እውነተኛው አምባዛ ነው፤ ስመ ሞክሼውን ሊያይ መጥቶ አፉን ከፍቶ ቀርቷል። አቶ አንጁሎ ስክሪኑን አይተው "ያዘው! ያዘው!" ብለው መረብ ፈለጉ፤ ጀልባዋ በሳቅ ልትገለበጥ ነበር።

ከዚያ ለብዙ ጊዜ ግራጫ በግራጫ። ዓይኔ ሊደክም ሲል አንድ ጥላ አለፈ።

"ቁም!" አልኩ። "ወደ ኋላ ተመለስ። ወደ ግራ ትንሽ። እዚያ።"

"ድንጋይ ነው" አለ ፍሬው።

"ድንጋይ ቀጥ ያለ ጠርዝ የለውም። ይሄ ከጭቃ የወጣ ክንድ ነው። ጫፉ ላይ ጣት አለው፤ ሦስት ጣት።"

ታምራት ጋቢው ውስጥ ራሱን አስገባ። ትንፋሹ ጆሮዬ ላይ ቆመ። "የሞተሩ ሽክርክሪት ነው" አለ በሹክሹክታ። ከዚያ ሹክሹክታውን ተወው። "አባ! ሽክርክሪቱ ነው!"

ማግኘቱ አንድ ነገር፣ ማንጠልጠሉ ሌላ። አምባዛ አፍንጫ ላይ በስፕሪንግ የሚዘጋ ማንጠልጠያ ታስሯል፤ ከማንጠልጠያው ወፍራም ገመድ ወደ ጀልባ ይመጣል። እሱን ሞተሩ እጀታ ላይ ማስገባት ነው። መጀመሪያ ስታው ሄደች። ሁለተኛ ስትገፋው ደለል ተነሳና ዓለም ሁሉ ወተት ሆነ። እስኪጠራ መጠበቅ ነበረብን፤ በዚያ መካከል ወይዘሮ አማረች ከዳር በታንኳ ቆሎ ላኩልን። እየቆረጠምን ጠበቅን። ጠራ። ፍሬው ትንፋሹን ዋጠና ገፋት። ስክሪኑ ነቅነቅ አለ።

"ገባ?" አሉ አቶ አንጁሎ።

"ገመዱን ይሞክሩት" አለ ፍሬው።

አቶ አንጁሎ ገመዱን ሳብ አደረጉ። ገመዱ አልመጣም። ፊታቸው ቀስ እያለ በፈገግታ ተሞላ። "ከብዶኛል!" አሉ። "ከብዶኛል!" በአገራችን ከብዶኛል እያለ የሚጨፍር ሰው ያየሁት ያን ቀን ብቻ ነው።

ሁለት ጀልባ ሙሉ ሰው እየዘፈነ ጎተተ። ሞተሩ ጭቃ እያንጠባጠበ ሲወጣ ታምራት አቀፈው። አቶ አንጁሎ ግን ጊዜ አላጠፉም፤ ዳር እንደደረሱ የሞተሩን ካንዴላዎች ፈትተው ገልብጠው ውሃውን አፈሰሱ፣ በንጹሕ ውሃ አጠቡት፣ ዘይቱን ቀየሩ፣ ክፍል ክፍሉን ፀሐይ ላይ አሰጡት። ጠፍቶ ሳለ ስለ ሰመጠ ውስጡ አልተጎዳም አሉ። ፀሐይ ሳትገባ ገጣጥመውት በርሜል ላይ አስረው ገመዱን መዠረጡ። ሳለ። ደግመው መዠረጡ። ሳለ። ከዚያ ተነሳ! በዚያ መንደር ከዚያ ድምፅ በላይ የሚጣፍጥ ዘፈን ያለ አይመስለኝም። ታምራት ኔትወርክ ወዳለበት ቋጥኝ እየሮጠ ወጣ፤ ስልክ ይዞ ሞተሩን ለማዶ ሊያሰማ። እኔና ወይዘሮ አማረች ተያይዘን ስንዘል መቀነቴ ተፈታ፤ የቀረውን አልጽፈውም።

እሑድ

ጠዋት፣ ነፋሱ ሳይነሳ ተሻገርን። ጀልባዋ በቄጤማና በአበባ ተሸልማለች፤ አቶ ዱባለ "ያንን ነገር ካላየሁ" ስላሉ አምባዛም ከነጠርሙሷ ከሚዜዎቹ መካከል ተቀምጣለች።

አቶ ዱባለ ውሃው ዳር ከሽማግሌዎቻቸው ጋር ቆመዋል። ቀጭን፣ ኮፍያ ያደረጉ፣ ፈገግታ የማያባክኑ ሰው። ሞተሩን ዞረው አዩት። ብሎኑን በጣታቸው ሞከሩት፤ ታምራት በብረት ሽቦ አስሮ፣ በላዩ በሰንሰለት፣ በላዩ በገመድ አስሮታል።  ምሕረት ከሴቶቹ መካከል ነጭ ለብሳ ቆማለች፤ ታምራትን ስታየው ሳቋን በነጠላዋ ጫፍ ያዘችው። አባቷ ግን "ውሰዱ" አላሉም። ዘፈኑ ቀዘቀዘ።

ወደ አምባዛ ሄዱና ጎንበስ አሉ።

"ይሄ ነው ከሥር ያየው?"

"አዎ አባቴ" አለ ፍሬው።

"ምን ምን ያያል?"

"ያለውን ሁሉ።"

ቀና አሉ። ከዚያ ወደ ውሃው፣ ሁለት ኮረብታ ወደሚገናኝበት ጥግ ጠቆሙ። "እዚያ ሾላ ነበረኝ። እርሻዬ ዳር። ውሃው ሲመጣ ለቅቀን ወጣን፤ እሱ ቀረ። አለ?"

ሠርገኛው ሁሉ ዳር ቀረ። እሳቸው፣ ፍሬው፣ ታምራትና እኔ ወደ ጥጉ ሄድን። አቶ ዱባለ በዚህ ኮረብታና በዚያ ቋጥኝ እየለኩ "ትንሽ ወደ ላይ፣ ትንሽ ወደ ዳር" እያሉ ጀልባዋን መሩ፤ መሬቱ ዛሬም ፊታቸው ያለ ይመስላል። "እዚህ" አሉ።

አምባዛ ወረደች። አረንጓዴ፣ ጥቁር አረንጓዴ፣ ትቢያ። ጋቢዬን ለእሳቸው ሰጠሁ። መጀመሪያ የሆነ ቀጭን ነገር ተሻገረ። ቀጥሎ ወፈር ያለ። ከዚያ መብራቷ ቀና ሲል ቅርንጫፍ፣ ከቅርንጫፉም ቅርንጫፍ፣ ቅጠል የሌለው፣ ሰፊ፣ በመካከሉ ትንንሽ ዓሣዎች እንደ ወፍ የሚመላለሱበት።

"ቆሟል" አሉ። ድምፃቸው ከጋቢው ሥር ሌላ ሰው ሆኖ መጣ። "ቆሟል! ወፍ አለበት!"

"ዓሣ ነው አባቴ" አለ ታምራት።

"ዝም በል፣ ወፍ ነው።" መሳቅ ጀመሩ። ጋቢው ውስጥ ትከሻቸው እየተንቀጠቀጠ ሳቁ፤ እኛም ሳቅን፤ ጀልባዋም ተወዛወዘች። ከዚያ እጃቸውን አውጥተው የፍሬውን ክንድ ያዙ። "ታስነካልኛለህ?"

ፍሬው እንደ እንቁላል በጥንቃቄ አስጠጋት። የአምባዛ አፍንጫ ግንዱን ነካ። አቶ ዱባለም ጣታቸውን ስክሪኑ ላይ፣ ግንዱ ያለበት ቦታ አሳረፉ። ከግንዱ ላይ የከረመው ደለል ረገፈና ሁሉ ነገር ነጭ ሆነ። ጣታቸውን ግን እስኪጠራ አላነሡም።

ጋቢውን ከራሳቸው ገፈው ወደ ዳር፣ ወደሚጠብቀው ሕዝብ ዞሩ።

"ምን ቆማችኋል?" ብለው ጮኹ። "ልጄን አሳፍሩ እንጂ!"